በተኪላ አገር አንድ ቀን የዋለ ሰው ምን ይጠይቅ?

ለትምህርት፣ ለስብሰባ ወይም ለሥራ ጉዳይ ወደ ውጭ አገር የሚላክ ወጣት አብዛኛውን ጊዜ አንድ ባዶ ቀን ያገኛል። ስብሰባው ዐርብ ማታ ያበቃል፤ አውሮፕላኑ የሚነሣው እሑድ ነው፤ ቅዳሜ በመካከል ትቀራለች። ይህችን ቅዳሜ አንዳንዱ ሱቅ ለሱቅ ሲዞር ይውልባታል፤ አንዳንዱ በሆቴሉ አልጋ ላይ ተጋድሞ ያሳልፋታል፤ ሌላው ደግሞ በሆቴሉ በር ላይ የተቀመጠውን በሥዕል ያሸበረቀ ወረቀት አንሥቶ፣ ገንዘቡን ከፍሎ፣ ከአስጎብኚ ጋር ወደ አንድ ሥፍራ ሄዶ ማታ ይመለሳል። ስለዚህ ስለ ሦስተኛው ዓይነት ሰው ዛሬ ጥቂት ለመናገር አስበናል።

በ2024 ዓ. ም. (በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ለሥራ ጉዳይ ወደ ሜክሲኮ አገር፣ የሃሊስኮ ክፍለ ሀገር ዋና ከተማ ወደ ሆነችው ወደ ጓዳላሃራ ሄደን ነበር። የተረፈችንን አንዲት ቀን ያዋልናት ተኪላ የሚባለው መጠጥ በሚወጣበት ሥፍራ ነው። ይህን ስንል አንዳንድ አንባቢ፣ «ይህስ የመንግሥት ሠራተኛ የሚያወራው ጉዞ ነውን? ሰካራም ለማየት ባሕር መሻገር ምን ያስፈልጋል?» ሳይለን አይቀርም። ነቀፌታው ግማሽ እውነት አለበት። እንደ እኛ አስተያየት ግን ጉዞው ራሱ የሚነቀፍ አይደለም፤ የሚነቀፈው አካሄዱ ነው። ተኪላን ለመጠጣት ብቻ ከሆነ ጠርሙሱ በየአገሩ ይሸጣል። አንድ ሕዝብ በድንጋያማ መሬት ላይ የሚበቅል ባለእሾህ ተክል ይዞ እንዴት አድርጎ በዓለም ሁሉ የታወቀ ስም እንዳወጣበት፣ ከዚያም ስሙ የሚያመጣው ጥቅም ለማን እንደሚደርስና ለማን እንደማይደርስ ለማየት ከሆነ ግን፣ ከዚህ የበለጠ ትምህርት ቤት በአንድ ቀን ውስጥ አይገኝም።

አገሩም ለእኛ እንግዳ አይደለም። ጣሊያን ኢትዮጵያን በግፍ በያዘ ጊዜ ይህን ግፍ አናጸድቅም ብለው ከቆሙት ጥቂት መንግሥታት አንዱ የሜክሲኮ መንግሥት ነው። በአዲስ አበባ ሜክሲኮ አደባባይ፣ በሜክሲኮ ከተማም በኢትዮጵያ ስም የተጠራ አደባባይና የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ መኖራቸው የዚህ ወዳጅነት ምልክት ነው። የሆነ ሆኖ ወደ ጉዞአችን እንመለስ።

አውቶቡሱ የተነሣው ከጧቱ በሦስት ሰዓት ነው። ከጓዳላሃራ እስከ ተኪላ ከተማ ስድሳ ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ስለሆነ መንገዱ ከአንድ ሰዓት ብዙም አያልፍም። ተሳፋሪዎቹ ሃያ የምንሆን የልዩ ልዩ አገር ሰዎች ስንሆን፣ ከእኛ ጋር ለዚያው ስብሰባ የመጣ አንድ የአገራችን ልጅ ነበረ። ዩኒቨርሲቲ ጨርሶ ወደ ሥራ ከገባ ሁለት ዓመት ያልሞላው፣ ጨዋና ብልኅ ልጅ ነው። ገና ከከተማው ሳንወጣ አስጎብኚው ከመቀመጫው ሥር ጠርሙስ አውጥቶ ትንንሽ የላስቲክ መለኪያ እያደለ፣ «ለመንገድ! ለመንገድ!» ይል ጀመር። እኛ ቁርሳችን ገና አልወረደልንም ብለን መለስነው። ልጁ ግን፣ «ጋሼ፣ የሰው አገር መስተንግዶ እንዴት ይገፋል?» ብሎ ተቀበለ።

አንዱን ተቀብሎ ሁለተኛውን እንቢ ማለት ደግሞ አስቸጋሪ ነገር ነው። ጥቂት እንደ ሄድን በመንገድ ዳር ካለ አንድ ዳስ ቆምን። በዚያም ብርቱካንና ሎሚ ተጨምቆበት፣ ጨው ተነስንሶበት፣ በሸክላ ኩባያ የሚሰጥ መጠጥ አለ፤ ካንታሪቶ ይሉታል። ኩባያው ስለሚያምር መጠጡም ስለሚጣፍጥ ሰው ውኃ የጠጣ እየመሰለው ይጨልጠዋል። አምስት ሰዓት ሳይሞላ በአውቶቡሱ ውስጥ ዘፈን ተጀመረ። እውነቱን ለመናገር እኛም ጥቂት አጨበጨብን።

ኤል አሬናል የምትባለውን ትንሽ ከተማ ካለፉ በኋላ ግን ወደ ውጭ ለሚመለከት ሰው ሌላ ዓለም ይከፈትለታል። ከመንገዱ ግራና ቀኝ እስከ ኮረብታው ወገብ ድረስ መሬቱ ሰማያዊ ነው። አረንጓዴ ማለታችን አይደለም፤ የማለዳ ጉም የመሰለ ሰማያዊ ነው። በመስመር በመስመር የተተከለው ሁሉ ቅጠሉን እንደ ጦር አቁሞ የተሰለፈ ወታደር ይመስላል። ከበስተጀርባው ቁመቱ ወደ ሦስት ሺህ ሜትር የሚጠጋው የተኪላ ተራራ ይታያል፤ ጥንት እሳተ ገሞራ ነበር፤ ያን ጊዜ የተፋው ጥቁር ባልጩት ዛሬ እየተጠረበ፣ እንደ መስተዋት እያብለጨለጨ በየመንገዱ ዳር ይሸጣል። ይህን ማሳና በውስጡ ያሉትን የጥንት መጠጥ ማውጫዎች፣ ከ34 ሺህ ሄክታር በላይ የሚሆነውን፣ ዩኔስኮ በ2006 ዓ. ም. በዓለም ቅርስ መዝገብ አስገብቶታል።

ተክሉን በቅርብ ባየን ጊዜ መጀመሪያ ከአፋችን የወጣው፣ «ይህማ ቃጫ ነው!» የሚል ቃል ነበር። ብዙም አልተሳሳትንም። እኛ ገመድና ጆንያ የምንሠራበት ቃጫና ተኪላ የሚወጣበት ሰማያዊ አጋቬ የአንድ ወገን ተክሎች ናቸው፤ የሁለቱም የመጀመሪያ አገራቸው ያው የሜክሲኮ ምድር ነው። ከጎናችን የነበሩት ጎብኚዎች ቁልቋል ነው ሲባባሉ አስጎብኚው ሰምቶ ሳያርማቸው አለፈ። ቁልቋል አይደለም፤ እሾህ ስላለው ብቻ ሁሉን ቁልቋል ማለት ልማድ ሆኖ ነው።

ከማሳው ዳር አውቶቡሱ ሲቆም ከሃያው ተሳፋሪ የወረድነው ዘጠኝ ነን። የቀሩት ፀሐዩን ፈርተው ወይም እንቅልፍ አሸንፏቸው በመቀመጫቸው ቀሩ፤ የአገራችን ልጅም ራሱን በመስኮቱ ላይ አስደግፎ ያንኮራፋ ነበር። ለማሳው የተፈቀደው ጊዜ ግማሽ ሰዓት እንኳ አይሞላም፤ ለቅምሻው የተመደበው ከሁለት ሰዓት በላይ ነው። እኛ ግን በዚያ ቀን ቁም ነገር ያገኘነው በዚህ በአጭሩ ጊዜ ውስጥ ነው።

በማሳው የጠበቁን ዕድሜያቸው ስድሳ የሚሆን አንድ ሠራተኛ ናቸው። የዚህ ሥራ ባለሙያ ሂማዶር ይባላል። በእጃቸው የያዙት መሣሪያ ኮዋ የሚሉት፣ በረዥም እጀታ ላይ የተሰካ፣ እንደ ምላጭ የተሳለ ክብ ብረት ነው። ተክሉን ከሥሩ ከነቀሉት በኋላ ቅጠሉን ዙሪያውን እየከረከሙ ልቡን ብቻ ያስቀሩታል። የተከረከመው ልብ አናናስ ስለሚመስል በአገራቸው ቋንቋ ፒኛ፣ ማለት አናናስ፣ ብለውታል። ክብደቱ አብዛኛውን ጊዜ ከሠላሳ እስከ ሰባ ኪሎ ይሆናል። ጐበዝ ሂማዶር በአንድ ቀን ከመቶ በላይ ይከረክማል። ብረቱ ከጫማቸው አንድ ጣት ርቆ ሲያርፍ ስናይ እኛ ዓይናችንን ጨፈንን፤ እርሳቸው ግን እያወሩ ይሠሩ ነበር።

ይህ ተክል ከተተከለ እስኪቆረጥ ድረስ ከስድስት እስከ ስምንት ዓመት ያህል ይቆያል። በዘርም አይባዛም፤ እንደ ሙዝ ከእናቲቱ ሥር የሚፈላው ችግኝ እየተነቀለ ይተከላል እንጂ። ሊያብብ ሲል የሚያወጣውን ረዥም አገዳ ይቆርጡበታል፤ ካልተቆረጠ ስኳሩ ሁሉ ወደ አበባው ይሄዳል። በዚህም ምክንያት የአጋቬን አበባ ማር እየቀሰመች የምትኖር የሌሊት ወፍ ምግቧን ታጣለች፤ ማሳውም ሁሉ የአንዲት እናት ግልባጭ ስለሚሆን አንድ በሽታ ቢገባ ሁሉን እኩል ያገኘዋል። ሮድሪጎ ሜዴዪን የተባሉ የሜክሲኮ የሥነ ሕይወት ሊቅ፣ ገበሬዎች ከማሳቸው ጥቂቱን ሳይቆርጡ እንዲያብብ እንዲተዉት ብዙ ዓመት ሲወተውቱ ኖረዋል። አንዳንዶች ሰምተዋቸዋል። በእኛ ጉብኝት ግን ስለዚህ ነገር የተነገረ ቃል አልነበረም።

እኛም ሽማግሌውን በአስጎብኚው አስተርጓሚነት፣ «አባት፣ አሁን የአጋቬ ኪሎ ዋጋው ስንት ነው?» ብለን ጠየቅን። አስጎብኚው ከመተርጐሙ በፊት አመነታና፣ «ሌሎች እንግዶች የሚጠይቁኝ ስለ መጠጡ ጥንካሬ ነው» አለን። ቢሆንም ተረጐመው። ሽማግሌው ኮዋቸውን መሬት ላይ ተከሉና፣ «የየትኛውን ዓመት ልንገርዎ?» ብለው ሣቁ። ከዚያም በእጃቸው ከጐድጓዳው ማዶ ያለውን ማሳ አሳዩን። ተክሉ ደርሷል፤ ሣር ግን ውጦታል። ባለቤቱ የተከለው ዋጋው በሚወጣበት ጊዜ ነው፤ ዛሬ ለቈራጭና ለጫኝ ከፍሎ የሚተርፈው ስለሌለ ትቶት ሄደ አሉን።

ይህ የአንድ መንደር ወሬ ብቻ አይደለም። በ2000 ዓ. ም. ገደማ አጋቬ ጠፍቶ ዋጋው ሰማይ ነክቶ ነበር። ገበሬው ሁሉ ይህን አይቶ ተከለ፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላ የሁሉም ተክል በአንድ ጊዜ ሲደርስ ዋጋው ወደቀ። የከሰረውም መትከሉን ተወ፤ ስለዚህ እንደገና ጠፋ። በ2022 ዓ. ም. አንድ ኪሎ ከሠላሳ ፔሶ በላይ ይሸጥ ነበር፤ በዚያው ዓመት የአገሩ የተኪላ ምርት ከ650 ሚሊዮን ሊትር በላይ ደርሶ፣ በተከታዩ ዓመት ከ600 ሚሊዮን በታች ሆነ። እኛ በሄድንበት በ2024 ዓ. ም. የኪሎው ዋጋ ወደ ጥቂት ፔሶ ወርዶ ነበር።

ነገሩን ልብ ብሎ ላየው ሰው እጅግ የሚያሳዝን ነው። ጤፍ የሚዘራ ገበሬ ዘንድሮ ዋጋ ቢበላሽበት ለከርሞ ሌላ እህል ይዘራል። ቡና ያለውም ዘንድሮ ቢያጣ ዛፉ ለሚመጣው ዓመት ይቆይለታል። አጋቬ የተከለ ሰው ግን ሰባት ዓመት ጠብቆ የሚያጭደው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ከተቆረጠ በኋላ ተክሉ አለቀ። ዛሬ በገበያው የሚያየው ዋጋ ደግሞ ከሰባት ዓመት በኋላ ምን እንደሚያገኝ ምንም አይነግረውም። ሰውየው የሚያርሰው መሬት ይምሰለው እንጂ ዕጣ መጣሉ ነው።

ከዚያ ወደ መጠጥ ማውጫው ተወሰድን። ስሙን አንጠቅስም። በሩ ላይ የወረቀት ቆብ አድርገውልን ገባን። ፒኛው ለሁለት ለአራት እየተፈለጠ በጡብ በተሠራ ትልቅ ምድጃ ውስጥ ይከመርና በእንፋሎት ከአንድ እስከ ሦስት ቀን ይበስላል። ጥሬው እንዲሁ ቢጠነሰስ አይሆንም፤ በውስጡ ያለውን ወደ ስኳር የሚለውጠው ሙቀቱ ነው። የበሰለውን ቈርሰው አቀመሱን። ጣዕሙ ማር የተቀባ ስኳር ድንች ይመስላል፤ እንደ ሸንኮራ ይመጠጥና ቃጫው ይተፋል። ለእኛ ከዚያ ቀን ቅምሻ ሁሉ የበለጠው ይህ ስለሆነ አንድ ቁራጭ በወረቀት ጠቅልለን በኪሳችን ከተትን። ቀጥሎ ተፈጭቶ ይጨመቃል፤ ጭማቂው በእርሾ ለጥቂት ቀናት ይፈላል። በዚህ ክፍል ያለው ሽታ ጠላ የሚጠነሰስበትን ጓዳ ያስታውሳል። ከዚያ በመዳብ ወይም በብረት ጋን እየተፈላ እንፋሎቱ ቀዝቅዞ ይንጠባጠባል፤ ይህም ሁለት ጊዜ ይደረጋል። አስጎብኚው ሁለት ጊዜ መውጣቱን እንደ ታላቅ ምስጢር ሲያስረዳን፣ እኛ በሆዳችን፣ «ዳግም ማለት አይደለምን?» አልን። አረቄ የሚያወጡ የአገራችን ሴቶች ይህን ያለ አስጎብኚ ያውቁታል።

ጉብኝቱ እዚህ ላይ አንድ ጉድለት አለው። በግቢው መካከል በበቅሎ ይጎተት የነበረ ትልቅ የድንጋይ መንኮራኩር ተቀምጧል፤ ሁሉም ከአጠገቡ ፎቶግራፍ ይነሣል። ዛሬም በዚህ ዓይነት ድንጋይ የሚፈጩ ጥቂት ቤቶች አሉ። ነገር ግን ከምርቱ ብዙው የሚወጣው በዚህ አይደለም። ብዙዎቹ ፒኛውን የሚያበስሉት በትልቅ የብረት ማብሰያ በግማሽ ቀን ውስጥ ነው፤ ከዚህም አልፎ ጥሬውን ፈጭተው በሙቅ ውኃ ስኳሩን የሚያጥቡበት ዲፊውዘር የሚባል ረዥም መኪና ያላቸው አሉ። ይህን መኪና ለእንግዳ የሚያሳይ ጉብኝት ብርቅ ነው። እኛ ከግድግዳው ጀርባ የሚጮኸው ምን እንደሆነ ብንጠይቅ እድሳት ነው ተባልን። ከዚህም ሌላ አንድ ሊትር ተኪላ በወጣ ቍጥር አሥር ሊትር ያህል ቪናሳ የሚሉት ትኵስና ኮምጣጣ አተላ ይቀራል። ሳይጣራ ወደ ወንዝ ከተለቀቀ ዓሣውን ይፈጃል። የእኛ አገር አተላ ለከብት ይጠቅማል፤ ይኸኛው በብዛቱ የተነሣ መድረሻ የጠፋለት ነገር ነው። ስለ አተላው በጠየቅን ጊዜ አስጎብኚው ሰዓቱን ተመለከተ።

ከሁሉ የተዘጋጀው ቅምሻው ነው። አንድ ቀልጣፋ ሰው ሦስት መለኪያ ደርድሮ አስተማረን፤ ትምህርቱም በእውነቱ ጥሩ ነበር። ብላንኮ የሚባለው ነጩ ነው፤ ሬፖሳዶ ቢያንስ ሁለት ወር፣ አኜሆ ቢያንስ አንድ ዓመት በእንጨት በርሜል ውስጥ የቆየ ነው፤ ሦስት ዓመትና ከዚያ በላይ የቆየው ከአኜሆ በላይ የሆነ ሌላ ስም አለው። ትል ያለበት ጠርሙስ ተኪላ አይደለም፤ ሜስካል የሚባለው ዘመዱ ነው፤ እርሱም ቢሆን ሁሉም ትል የለበትም። በጠርሙሱ ላይ መቶ በመቶ አጋቬ የሚል ካልተጻፈበት ከስኳሩ እስከ 49 በመቶ የሚሆነው ከሸንኮራ ወይም ከሌላ ነገር የመጣ ሊሆን ይችላል፤ ይህም በሕጉ የተፈቀደ ነው። ደግሞም ኖም የሚል ቃልና ከጎኑ አንድ ቍጥር ይታያል፤ ቍጥሩ መጠጡን ያወጣውን ፋብሪካ ይናገራል። ስማቸው የተለያየ ብዙ ጠርሙሶች አንድ ቍጥር ይዘው ሲገኙ፣ ሁሉም ከአንድ በር የወጡ ወንድማማቾች ናቸው ማለት ነው።

ከቅምሻው ቤት የሚወጣው በር ወደ ሱቁ ያስገባል። ሌላ በር የለም። እዚያ ቆመን አንድ ሒሳብ ሠራን። ለአንድ ሊትር መቶ በመቶ ተኪላ ሰባት ኪሎ ያህል አጋቬ ይፈለጋል። ኪሎው ሠላሳ ፔሶ በነበረ ጊዜ በሊትሩ ውስጥ ያለው የአጋቬ ዋጋ 210 ፔሶ ነበር ማለት ነው፤ አምስት ፔሶ ቢሆን ግን 35 ፔሶ ብቻ ይሆናል። ሻጩን፣ «አጋቬ ሲረክስ ጠርሙሱም ረከሰ?» ብለን ብንጠይቀው ወዳጃዊ ሣቅ ሣቀና ሌላ መለኪያ ቀዳልን።

ይህን የምንጽፈው ሜክሲኮን ለመንቀፍ አይደለም። በስም ጥበቃ በኩል የሠሩት ሥራ የሚያስቀና ነው። መንግሥቱ ተኪላ የሚለውን ስም የአገር ሀብት ነው ብሎ በሕግ የከለለው በ1974 ዓ. ም. ነው። በዚህ ሕግ መሠረት በመላው ሃሊስኮና በአራት ሌሎች ክፍላተ ሀገር በታወቁ ወረዳዎች ከበቀለ ሰማያዊ አጋቬ ካልሆነ በቀር ማንም መጠጡን ተኪላ ብሎ ሊጠራው አይችልም። ይህን የሚቆጣጠረው ሸንጎ በ1994 ዓ. ም. ተቋቋመ፤ በ1997 ዓ. ም. ደግሞ የአውሮፓ ኅብረት ስሙን ለማክበር ተዋዋለ። የስፔን ንጉሥ ለኩዌርቮ ቤተሰብ መጠጡን እንዲያወጡ ፈቃድ ከሰጠበት ከ1795 ዓ. ም. ጀምሮ ቢቈጠር ሁለት መቶ ዓመት የፈጀ ድካም ነው።

ግን ስሙ ተጠበቀ ማለት የተከለው ሰው ተጠበቀ ማለት አይደለም። በ1873 ዓ. ም. የተመሠረተው የሳውሳ ቤት ዛሬ የጃፓን ኩባንያ ንብረት ነው። በአማቲታን ያለው የጥንቱ ኤራዱራ በ2007 ዓ. ም. በአሜሪካኖች ተገዝቷል። ስሙ ከአገር አይወጣም፤ ትርፉ ግን ይወጣል። የውጭ ገንዘብ መግባቱ ብቻውን ክፉ ነው አንልም፤ ሥራም ገበያም አምጥቷል። የምንለው ሌላ ነው፤ ሕጉ በጠርሙሱ ላይ ስላለው ቃል ብዙ አንቀጽ ሲኖረው፣ ሰባት ዓመት ስለሚጠብቀው ገበሬ ዋጋ ግን ዝም ብሏል።

ይህ ነገር እኛን የሚነካን ለዚህ ነው። የኢትዮጵያ መንግሥት ይርጋ ጨፌ፣ ሐረርና ሲዳሞ የሚሉትን የቡና ስሞች በውጭ አገር በንግድ ምልክትነት ለማስመዝገብ ተከራክሮ፣ ከአንድ ታላቅ የአሜሪካ ቡና ሻጭ ጋር በ2007 ዓ. ም. ተስማምቷል። ያን ጊዜ ሁላችንም ደስ ብሎን ነበር፤ ደስታውም ተገቢ ነው። ነገር ግን ይህን ጽሑፍ ከሚያነቡት ወጣት ባለሥልጣኖች አንዱ ነገ በንግድ ወይም በእርሻ በኩል ለማር፣ ለቅመም ወይም ለሌላ ምርት የስም ሕግ ሲያረቅቅ፣ ስሙን ካስመዘገበ በኋላ ብዕሩን እንዳያስቀምጥ እንለምነዋለን። የተኪላ ማሳ በሣር ተውጦ ያየነው በዓለም ላይ እጅግ ከተጠበቁት ስሞች አንዱ በሚበቅልበት መሬት ላይ ነው።

እንግዲህ አንድ ቅዳሜ ያገኘ ሰው ይሂድ ወይስ አይሂድ? ይሂድ። ከጓዳላሃራ በባቡርም ይኬዳል፤ ባቡሩ ውብ ነው፤ ነገር ግን እንደ ተጓዥ መጠጥ ቤት ስለሆነ ለመማር ለሚፈልግ አውቶቡሱ ይሻላል፤ ከአውቶቡስም ሰው የበዛበት ሳይሆን ጥቂት ሰው የሚይዘውን ይምረጥ። ገንዘቡን ከመክፈሉ በፊት፣ «ማሳው ላይ የምንቆየው ስንት ደቂቃ ነው?» ብሎ ይጠይቅ፤ መልሱ የአስጎብኚውን ጠባይ ሁሉ ይገልጽለታል። ቁርስ ሳይበላ አይነሣ። በመንገድ የሚታደለውን ቢችል ይለፈው፤ የአገሩ አዋቂዎች ራሳቸው ጥሩውን ተኪላ በዝግታ ይቀምሱታል እንጂ በጨውና በሎሚ እያሳደዱ አይጨልጡትም። የተኪላ ከተማን አደባባይና ቤተ ክርስቲያን ለማየት አንድ ሰዓት ይበቃዋል፤ በበርሜልና በጠርሙስ ቅርጽ የተሠሩት አውቶቡሶች ለልጆች ደስ ይላሉ። የተረፈውን ጊዜ ሁሉ ለማሳው ይስጠው።

ማታ ስንመለስ ፀሐይ በተራራው ጀርባ ገብታ ሰማያዊው ማሳ ወደ ጥቁርነት ይለወጥ ነበር። አውቶቡሱ ዝም ብሏል፤ የጧቱ ዘፋኞች ሁሉ ተኝተዋል። የአገራችን ልጅ ግን ነቅቶ ራሱን በሁለት እጁ ይዞ ተቀምጧል። «ጋሼ፣ ማሳውን አየሁት እንዴ?» አለን። አላየኸውም አልነው። ከኪሳችን በወረቀት የጠቀለልነውን የበሰለ አጋቬ አውጥተን ሰጠነው፤ ሽማግሌው ያሉትንም፣ ስለዚያ ስለ ተተወው ማሳም ነገርነው። ቃጫውን እያኘከ ብዙ ጊዜ ዝም ብሎ ወደ መስኮቱ ተመለከተ። ጓዳላሃራ ልንገባ ስንል ከቦርሳው የስብሰባውን ማስታወሻ ደብተር አውጥቶ ባዶ ገጽ ፈለገና፣ «ኪሎው ስንት ነው አሉዎት?» ብሎ ጠየቀን።